ድምፅ የሌላቸው ሰዎች ምን ያንጎራጉራሉ? ለልቦለዴ ምክር ፈለግሁ

የኮምቦልቻዋ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ሁለት ዓመት ሙሉ ማታ ማታ የምጽፈው ልቦለድ አለኝ፤ ምዕራፍ 6 ላይ ተገትሬ ቀረሁ። ሰዎቹ ደመና ከማይለየው ተራራ ላይ የሚኖሩ፣ እኔው የፈጠርኳቸው ሕዝብ ናቸው። አፋቸው ለመብል እንጂ ለንግግር አይደለም፤ የሚግባቡት ልብ ለልብ ነው። ትልቁን ጥበባቸውን «ጽሞና» ብዬዋለሁ። ሲመሽ ክብ ሠርተው ይቀመጣሉ፤ አንዱ ያለፈበትን አንድ ነገር ያስባል፤ የተቀመጡት ሁሉ ያንኑ በልባቸው ያያሉ። ዜማ የለም፣ ቃል የለም፣ ቀለምም የለም።

ሐሳቡን ያገኘሁት ከአያቴ ነው። ወረባቦ ነበር የምትኖረው፤ ሴቶቹ ለዱዓ ሲሰበሰቡ መንዙማ የምታወጣው እሷ ነበረች። ቡናው ተፈልቶ፣ ጭሱ ቤቱን ሞልቶት፣ እሷ ስታወጣ ሌሎቹ ሲቀበሉ ከጭኗ ሥር ተኝቼ ሰምቻለሁ። በመጨረሻዎቹ ወራት ሕመሙ ድምፅዋን ወሰደባት። አልጋዋ አጠገብ ስቀመጥ መዳፌን ይዛ የድቤውን ምት በአውራ ጣቷ ትመታልኝ ነበር። የትኛው መንዙማ እንደሆነ ወዲያው አውቀው ነበር።

ችግሬ ይሄ ነው፦ ትዕይንቱን ስጽፈው የቪዲዮ ጥሪ ይሆንብኛል። አንዱ ያሳያል፣ ሌላው ያያል፣ በቃ። ታዲያ ጥበቡ የቱ ጋ ነው? ሰምና ወርቅ የሚኖረው እኮ ወርቁን የሚሸፍን ሰም ስላለ ነው። ልባቸው ወለል ብሎ የሚታይ ሰዎች ምኑን ይሸፍናሉ? ጎበዙስ ከጀማሪው በምን ይለያል?

ክራር ገራፊው (ደሴ)፦
እህቴ፣ እኔ ከማውቀው ልነሳ። ፒያኖ ላይ ከዶ ተነስተሽ ቀጣዩ ዶ እስክትደርሺ 12 ድምፆች አሉ። ቅኝቶቻችን ግን እያንዳንዳቸው አምስት ብቻ ይይዛሉ። ባቲን ባቲ፣ አምባሰልን አምባሰል ያደረጋቸው የተመረጡት አምስቱ ብቻ አይደሉም፤ የተተዉት ሰባቱም ናቸው። ትዝታን በዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶል፣ ላ እየተጫወትኩ ሚንና ላን በግማሽ ድምፅ ዝቅ ባደርጋቸው፣ ያው ትዝታ ነው፤ ግን ቤቱ ውስጥ ያለው ሰው አንገቱን ይደፋል። ሁለት ክር ላላ ማድረግ ነው እንግዲህ።

ስለዚህ ሰዎችሽ ከመጀመራቸው በፊት ይቃኙ። «ዛሬ ማታ ምን አናስብም?» ብለው ይስማሙ። ለምሳሌ የዛሬው ቅኝት የሰው ፊት የሌለበት ነው እንበል። እናቱን የቀበረ ሰው ፊቷን ሳያሳይ ስለ እናቱ ያስብ! ድስቱን፣ ጓሮውን፣ የነጠላዋን ጥለት ያምጣ። ጀማሪው ፊቷ ያመልጠዋል፤ ክቡ ሁሉ ቅኝቱ እንደወጣበት ያውቃል። ጎበዙ ፊቷን ይዞ ያድራል። ሰሙም ያ ነው።

መምህር ከውጫሌ፦
ክራር ገራፊው ያሉት ግሩም ነው፤ እኔ አንድ ነገር ልጨምር። ልብ ለልብ ከሆነ ፍጹም መግባባት አለ የሚለውን መነሻሽን አልቀበልም። የምኖርበት ከተማ ስም በታሪክ የተጻፈው በአለመግባባት ነው። በ1881 ዓ.ም. የተፈረመው ውል አንቀጽ 17 በአማርኛው ንጉሠ ነገሥቱ ከፈለጉ በኢጣልያ በኩል ከሌሎች መንግሥታት ጋር መላላክ እንደሚችሉ ይላል፤ በጣልያንኛው ግን ግዴታ ሆነ። ነገሩ እየከረረ ሄዶ በ1888 ዓ.ም. አድዋ ላይ ደረሰ። የቋንቋ ጣጣ ነው ትዪኝ ይሆናል። ግን ቃሉ ቢቀርስ? አንቺ «ወንዝ» ብለሽ ብታስቢ ቦርከናን ነው የምታስቢው፤ ሚሌ ዳር ያደገ ሰው ደግሞ የራሱን ወንዝ ሳይቀላቅል አይቀበልሽም። አንዱ የላከው ሌላው ዘንድ ሲደርስ ተለውጦ ይድረስ። አዋቂው እንዴት እንደሚለወጥ ገምቶ ይላክ።

የሐይቅ ልጅ፦
አላህ ይዘንላት ለአያትሽ። እኔ ብዙ አልልም። ሁላችሁም የምታወሩት ስለ ላኪው ነው። መንዙማ አውጪ ብቻውን ምን ይሆናል? አዝማቹን የሚመልስለት ሲያጣ እኮ ቤቱ ይቀዘቅዛል። ተቀባዩንም ባለሙያ አድርጊው፤ አብሽሪ።

የኮምቦልቻዋ፦
አላህ ይስጥልኝ። ክራር ገራፊው፣ «ፊት የሌለበት ቅኝት» የሚለውን ካልከፋህ እወስደዋለሁ። መምህር፣ ወንዙን ተቀብያለሁ፤ «ገምቶ ይላክ» የሚለው ላይ ግን እንጃ። ተቀባዩ ምን እንደሚያመጣ ቀድሞ ከታወቀማ ክብ ሠርቶ መቀመጥ ለምን ያስፈልጋል?

የሐይቅ ልጅ የጻፍከውን ካነበብኩ ወዲህ እንቅልፍ አልወሰደኝም። አያቴ መዳፌ ላይ ምቱን ስትመታ አንዳንዴ መሃል ላይ ታቆም ነበር። ደከማት እል ነበር። አሁን በጣቴ ጠረጴዛው ላይ ደጋግሜ መታሁት፤ የምታቆመው ሁልጊዜ ሴቶቹ አዝማቹን የሚቀበሉበት ቦታ ላይ ነው። እኔን ስትጠብቅ ነበር።

ምዕራፍ 6ን ከመጀመሪያው ጻፍኩት። አሮጊቷ ሐሳቧን መሃል ላይ ትተወዋለች። ልጅቷ ደከማት ብላ ብርድ ልብሱን ታለብሳታለች።