በየሰዓቱ ካርድ ማተም፦ ሥራ ነው ወይስ ጥበብ?

ጥያቄ
ከወዳጆቼ ጋር የተከራከርንበትን ጉዳይ ላቅርብ። በታይዋን ተወልዶ በኒውዮርክ የኖረው አርቲስት ቴህቺንግ ሼ እ.ኤ.አ. ከኤፕሪል 11 ቀን 1980 ጀምሮ አንድ ዓመት ሙሉ፣ ሌሊቱንም ጨምሮ፣ የሠራተኛ መግቢያና መውጫ በሚመዘግብ ማሽን ላይ በየሰዓቱ ካርድ ሲያትም ኖረ። ባተመ ቁጥር ካሜራ አንዲት ምስል ታስቀር ነበር፤ ምስሎቹ ተገጣጥመው ስድስት ደቂቃ ገደማ የሚፈጅ ፊልም ሆነዋል። ያመረተው ዕቃ የለም፤ ደመወዝ የከፈለውም የለም። ታዲያ በገዛ ፈቃዱ ራሱን ያስጨነቀ ሰው፣ ለእንጀራው ሲል ስለሚደክም ሠራተኛ ሊነግረን የሚችለው ነገር አለ?

መልስ 1
ፊልሙን በጥሞና ይመልከቱት። ሼ ሲጀምር ፀጉሩን ተላጭቶ፣ የሠራተኛ ደንብ ልብስ ለብሶ ይቆማል፤ ፀጉሩ ቀስ እያለ ትከሻው ላይ ሲወርድ፣ አጠገቡ ያለው የሰዓት እጅ ግን ያለ ዕረፍት ይሽከረከራል። እኔን ይበልጥ የሚገርመኝ ጉድለቱን አለመደበቁ ነው፦ ከ8,760 ጊዜ ውስጥ 133ቱ ያመለጡት ሲሆን፣ ከእነዚህም 94ቱ እንቅልፍ ጥሎት የቀሩ መሆናቸውን ራሱ መዝግቧል። በገዛ ፈቃዱ የሚለውም ቢሆን ጥንቃቄ ይሻል። ሰውዬው እ.ኤ.አ. በ1974 ፊላዴልፊያ ላይ ከመርከብ ወርዶ የቀረ፣ ምግብ ቤት ሳህን ሲያጥብ የኖረ፣ በዚያን ጊዜም የመኖሪያ ፈቃድ ያልነበረው ስደተኛ ነው።

መልስ 2
ከላይ የጻፉትን አክብሬ በአንድ ነገር አልስማማም። እኔ በአንድ የዕቃ ማሸጊያ መጋዘን ሁለት ዓመት የሌሊት ፈረቃ ሠርቻለሁ፤ አምስት ደቂቃ ባረፍድ የሩብ ሰዓት ሂሳብ ይቆረጥብኝ ነበር። ሼ 94 ጊዜ ተኝቶ የተቆረጠበት ሳንቲም የለም፤ ሥራው ላይ የጎደለው አለቃው ነው። እንቅልፉን ግን አምነዋለሁ። መጋዘኑን ከለቀቅኩ በኋላ እንኳ ለወራት፣ የዕረፍት ደወል ይደወልበት በነበረው ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ላይ፣ ማንም ሳይቀሰቅሰኝ ዐይኔ ይገለጥ ነበር።

መልስ 3
ለእኔ ጥያቄው የሚከብደው ከሼ ይልቅ አርቲስቷ ሚርል ላደርማን ዩከለስ ዘንድ ነው። በዚያችው ከተማ፣ እ.ኤ.አ. በ1979 እና በ1980፣ 8,500 የሚሆኑትን የጽዳት ሠራተኞች እየዞረች በእጅ ጨብጣ፣ ኒውዮርክን በሕይወት ስላቆያችሁ አመሰግናለሁ ብላቸዋለች። ቀደም ሲልም እ.ኤ.አ. በ1973 በሃርትፎርድ ከተማ የሚገኘውን ሙዚየም ደረጃ ውኃ እየደፋች አጥባለች። እርሷ የምትሠራው ሥራ ዘወትር ያለ ነው፤ ደረጃው እንደ ታጠበ ጎብኚ ይረግጠዋል፣ እንደገናም ይታጠባል። እጅ መጨበጥ ደመወዝ አይጨምርም የሚል ቢኖር አልቃወመውም፤ ሆኖም ያ ሠራተኛ ቆሻሻ ስለ ነካ ብቻ እጁን ሰው የሚሸሸው ሰው ነበር።

ጠያቂው
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። የሌሊት ፈረቃውን ካነበብኩ በኋላ ፊልሙን ደግሜ አየሁት፤ በዚህ ጊዜ ፀጉሩን ትቼ ዐይኖቹን ብቻ ነበር የተከታተልኩት። ከእንቅልፉ ተነሥቶ የመጣበት የትኛው ምስል እንደሆነ ግን መለየት አልቻልኩም።