ካታሊና 22፦ የሚታጠፍ ኪል ወይስ ቋሚ?

ጥያቄ፦ ጀልባዬን ከመኪናዬ ኋላ እየጎተትኩ ከሐይቅ ወደ ሐይቅ ለመዘዋወር ስለምፈልግ፣ ፍራንክ በትለር የነደፋትን ባለሸራ ጀልባ ካታሊና 22ን ለመግዛት አስቤአለሁ። ከሥሯ ሆኖ ሚዛኗን የሚጠብቀው ኪል የሚታጠፍ ቢሆን ይሻለኛል ወይስ ቋሚ?

መልስ 1፦ የሚታጠፈውን ይምረጡ። 250 ኪሎ ግራም ያህል የሚመዝነው ይህ ብረት ሲወርድ ጀልባዋ 1.5 ሜትር ገደማ ጥልቀት ብትፈልግም፣ ሲነሣ 60 ሴንቲ ሜትር ያህል ስለሚበቃት ከተጎታቹ ላይ በቀላሉ ትንሳፈፋለች።

መልስ 2፦ እስማማለሁ፤ ሆኖም ኪሉን የሚያነሣው የሽቦ ገመድና የተንጠለጠለበት ብሎን ውኃ ውስጥ ስለሚያረጁ፣ ሳይመረምሩ እንዳይገዙ አደራ እላለሁ። የእኔ ገመድ ተበጥሶ ኪሉ በድንገት ሲወርድ የጀልባዋን ሆድ ሰንጥቆታል።

መልስ 3፦ የሸራው ምሰሶ አሉሚኒየም ስለሆነ፣ ከማቆምዎ በፊት ከበላይዎ የኤሌክትሪክ ሽቦ አለመኖሩን ያረጋግጡ።