የአላስካ ዋና ከተማ ከጁኖ ይነሳ ወይስ ይቆይ?

ጁኖ በመኪና የማይደረስባት የአሜሪካ ክፍለ ግዛት ዋና ከተማ ናት፤ የሚገባባት በአውሮፕላን ወይም በመርከብ ነው። ዋና ከተማነቱ ወደ ትልቋ ከተማ ወደ አንኮሬጅ አካባቢ ይዛወር?

ዘነበ፦ ይዛወር እንጂ! በ2020 ቆጠራ ጁኖ 32,255 ሰው፣ አንኮሬጅ ደግሞ 291,247 ሰው ነበራቸው። በሁለቱ መካከል በአየር 900 ኪሎ ሜትር ገደማ አለ። ጁኖ የተመረጠችው በወርቋ ነው፤ በ1900 በወጣ ሕግ መንበሩ ከሲትካ እንዲነሳ ተወሰነ፣ በ1906 ተዛወረ። ያ የወርቅ ግርግር ዛሬ የለም፣ የተመረጠችበት ምክንያትም አብሮት ሄዷል።

ሶስና፦ ዘነበ፣ ሕዝቡ ራሱ መልሶልሃል። በ1974 «ይነሳ» አለ፤ ቦታው ከአንኮሬጅም ከፌርባንክስም ቢያንስ 30 ማይል ይራቅ ተባለ። በ1976 ከአንኮሬጅ በስተሰሜን ያለችው ትንሿ ዊሎው ተመረጠች። ከዚያ በ1978 ፍራንክ የሚባለው ሕግ መጣ፦ ሙሉ ወጪው ለመራጩ ሳይነገርና በድምፅ ሳይጸድቅ ሽግግር የለም። ሒሳቡ ሲወጣ ወደ 2.8 ቢሊዮን ዶላር ሆነ፣ በ1982 ውድቅ ተደረገ። በ1994 ለአንኮሬጅ ቅርብ የሆነችው የዋሲላ ከተማ ቀረበች፣ ወደቀች። በ2002 ሕግ አውጪው ምክር ቤት ብቻ ይሂድ ተባለ፣ እሱም ወደቀ። መሄዱን ሁሉም ይወዳል፤ ሂሳብ ሲመጣ ግን ከፋይ የለም።

አቤል፦ ለምን መንገድ አይሠራም?

ሶስና፦ ካርታውን እይ እስቲ። ከጁኖ ወደ ሰሜን የሚወጣው መንገድ 40 ማይል ያህል ሄዶ ይቆማል። ለማስቀጠል የታሰበው ሊን ካናል በተባለው ጠባብ የባሕር ወሽመጥ ዳርቻ ነበር፤ ተራራው ቀጥ ብሎ ባሕሩ ውስጥ ይገባል፣ በክረምት የበረዶ ናዳ ይወርዳል። ቢሠራም መጨረሻው የመርከብ ጣቢያ ነው። ከዚያ በመርከብ ወደ ሄይንስ ከተማ ከተሻገርክ በኋላም አንኮሬጅ ለመድረስ ካናዳን አቋርጠህ 750 ማይል ገደማ ትነዳለህ፣ ፓስፖርት ይዘህ። አገረ ገዥ ዎከር በ2016 ዕቅዱን ያቆሙት በበጀት እጥረት ነው።

ዘነበ፦ እንግዲያው የኔን ነገር እያጠናከርሽ ነው! ጭጋግ ሲወርድ አውሮፕላኑ ሳያርፍ ያልፋል።

አቤል፦ ይህ እንኳ ከድሮው ተሻሽሏል። አላስካ አየር መንገድ በ1996 በሳተላይት የሚመራ ትክክለኛ የማረፊያ አቅጣጫ መጠቀም የጀመረው እዚያው ጁኖ ላይ ነው፤ ሸለቆው ጠባብ ስለሆነ። ሕዝቡም ምስክርነት ለመስጠት መብረር የለበትም፤ በየከተማው ባሉት የምክር ቤቱ መረጃ ቢሮዎች በስልክ ይናገራል።

ዘነበ፦ ስልክ ፊት ለፊት መቆምን አይተካም፣ አቤል።

ሶስና፦ የ2019ኙን ታስታውሳላችሁ? አገረ ገዥ ደንሊቪ ልዩ ስብሰባውን ዋሲላ ጠሩ፤ አብዛኞቹ አባላት ጁኖ ቀሩ፣ ሌሎቹ ዋሲላ ሄዱ። አገረ ገዥው ያደረጉትን የበጀት ቅነሳ ለመሻር ከ60ው አባላት 45 ድምፅ ያስፈልግ ነበር። ጁኖ ላይ 37 ለ1 ሆነ። የቀሩት አባላት እዚያ ስላልነበሩ 45 አልሞላም፣ ቅነሳውም በዚያ ድምፅ አልተሻረም።

ዘነበ፦ ያ የፖለቲካ ጨዋታ ነው፣ የከተማው ጥፋት አይደለም። ምክር ቤቱ ዓመቱን ሙሉ አንኮሬጅ ቢሆን ኖሮ መከፋፈያ ቦታም አይኖርም ነበር።

አቤል፦ እሺ፣ ታዲያ ወጪውን አስቀድመህ ንገረን። ፍራንክ የሚጠይቀው ይህንኑ ነው።