ሥራውን አውቀዋለሁ፤ በጊዜው መጨረስ ግን አቃተኝ፦ ኤዲኤችዲ በአዋቂ ሰው የሥራ ሕይወት

ጥያቄ፦ የሒሳብ ሠራተኛ፣ ከአዲስ አበባ

ጤና ይስጥልኝ። ዕድሜዬ 36 ነው፤ በአንድ አስመጪ ድርጅት ውስጥ በሒሳብ ሠራተኛነት ተቀጥሬ እሠራለሁ። በ13 ዓመት ውስጥ የአሁኑን ጨምሮ በ6 መሥሪያ ቤቶች ሠርቻለሁ፤ ከሁለቱ የወጣሁት በተደጋጋሚ ማስጠንቀቂያ ሲሆን፣ ከሦስቱ ደግሞ የስንብት ደብዳቤው ከመምጣቱ በፊት መልቀቂያ አስገብቼ ነው። ሙያዬን አውቀዋለሁ፤ አለቆቼም ይህን ክደው አያውቁም። ሌሎች ሳምንት ሙሉ ፈልገው ያጡትን የሒሳብ ልዩነት በአንድ ከሰዓት በኋላ ያገኘሁባቸው ጊዜያት አሉ። በየወሩ የሚደጋገመውን የባንክ ሒሳብ ማስታረቅ (የእኛን መዝገብ ከባንኩ ስቴትመንት ጋር ማመሳከር) ግን በጊዜው ጀምሬ በጊዜው መጨረስ አቅቶኛል።

ነገሩ እንዴት እንደሚሆን ላስረዳ። ባለፈው ወር ጠዋት 3 ሰዓት ላይ የባንኩን ስቴትመንት ከፈትኩ። ሦስተኛው መስመር ላይ አንድ የቼክ ቁጥር አልገጥም ስላለኝ የቼኩን ጉርድ ፍለጋ መሳቢያዬን ሳብኩ፤ መሳቢያው ውስጥ ያልተወራረደ የፔቲ ካሽ (የጥቃቅን ወጪ ገንዘብ) ደረሰኝ አገኘሁና እርሱን ላወራርድ ተነሣሁ፤ ወደ ገንዘብ ያዥዋ ስሄድ ደግሞ አንድ ባልደረባ ስለ ደመወዙ ተቀናሽ ጠየቀኝና የእርሱን ፋይል መፈለግ ጀመርኩ። ሰዓቴን ሳይ 9 ሰዓት ሆኗል፤ ስቴትመንቱ እዚያው ሦስተኛው መስመር ላይ ቆሟል። ቀኑን ሙሉ አንድ ጊዜ እንኳ ሥራ ፈትቼ አልተቀመጥኩም። የመጨረሻው ቀን ሲደርስ ሌሊቱን ቁጭ ብዬ እጨርሰዋለሁ፤ ነገር ግን በድካም የተሠራ ስለሆነ ስሕተት አያጣውም፤ በማግሥቱም አረፍድና ሌላ ጥፋት ይጨመርብኛል። በአሁኑ መሥሪያ ቤቴ ለማርፈዴ አንድ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ደርሶኛል።

እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ ይህን ሁሉ ስንፍና ነው ብዬ አምኜ ኖሬያለሁ። የ8 ዓመት ልጄ በትምህርት ቤት በመቸገሩ ሐኪም ዘንድ ወስጄው ኤዲኤችዲ የሚባል ቀልብን የመሰብሰብና የመረጋጋት ችግር እንዳለበት ተነገረኝ፤ ስለ እርሱ የተሰጠኝን መጠይቅ ስሞላ ግን ከግማሽ በላይ የሚሆነው ጥያቄ ስለ እኔ የተጻፈ ሆኖ ስላገኘሁት እጄ ተንቀጠቀጠ። አዋቂ ሰው ይህ ችግር ሊኖርበት ይችላል? ለአለቃዬ ልንገረው? ቨርጂኒያ የምትኖር እህቴ ለራሷ ከታዘዘላት መድኃኒት ልላክልሽ ትለኛለች፤ አንድ ባልደረባዬ ደግሞ ጫት እንደሚረዳው ነግሮኛል። ምን ትመክሩኛላችሁ?

መልስ 1፦ የአእምሮ ጤና ባለሙያ

እህቴ፣ የጻፉትን በጥሞና አንብቤዋለሁ። በአእምሮ ጤና ክሊኒክ ለዓመታት ስላገለገልኩ የማውቀውን እጽፍልዎታለሁ፤ ሳላይዎት ግን አለብዎት ወይም የለብዎትም ማለት አልችልም።

ኤዲኤችዲ የልጆች ብቻ አይደለም። በዘር የመተላለፍ ዕድሉ ከፍተኛ በመሆኑ ልጃቸውን ሊያስመረምሩ መጥተው ራሳቸውን የሚያገኙ ወላጆች ብዙ ናቸው። ሴቶች ደግሞ በልጅነታቸው ክፍል ከመረበሽ ይልቅ ዝም ብለው በሐሳብ መንጎድ ስለሚያዘወትሩ፣ ማንም ልብ ሳይላቸው ያድጋሉ። የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች ማኅበር እ.ኤ.አ. በ2013 ባወጣው አምስተኛው የምርመራ መመሪያ መሠረት፣ 17 ዓመት የሞላው ሰው ትኩረት ከማጣት 9 ምልክቶች፣ ወይም ከቅብጥብጥነትና ከችኩልነት 9 ምልክቶች ቢያንስ 5ቱ ሊታዩበት ይገባል። ከምልክቶቹም የተወሰኑት ከ12 ዓመት ዕድሜ በፊት የታዩ፣ በቤትም በሥራም የሚከሠቱና ኑሮን የሚያውኩ መሆን አለባቸው። በ30 ዓመት ድንገት ለጀመረ መዘንጋት ሌላ ምክንያት ይፈለግለታል፤ ድባቴ፣ ጭንቀት፣ የእንቅልፍ እጦትና የታይሮይድ ዕጢ መታወክ ተመሳሳይ መልክ ሊይዙ ይችላሉና። የዓለም ጤና ድርጅት ለአዋቂዎች ያዘጋጀው ባለ 18 ጥያቄ መጠይቅ አለ፤ የመጀመሪያዎቹ 6 ጥያቄዎች ለማጣሪያ ያገለግላሉ። ሞልተው ይዘው ይሂዱ፤ ውሳኔው ግን የሐኪሙ ነው።

ስለ ቼኩና ስለ መሳቢያው የጻፉትን ሁለት ጊዜ አነበብኩት፤ ምክንያቱም ታካሚዎቼ ሲነግሩኝ የምሰማው ይህንኑ ነው። ትኩረት አለዎት፤ የሚያስቸግርዎት ልጓሙ ነው። ሥራን መጀመር፣ በቅደም ተከተል መያዝ፣ የተጀመረውን በልብ ይዞ ወደ እርሱ መመለስና ጊዜን መገመት የሚባሉት አእምሮ ራሱን የሚመራባቸው ችሎታዎች በኤዲኤችዲ ይደክማሉ። ለዚህም ነው የጠፋ ቁጥር መፈለግ ሙሉ ቀልብዎን ሲይዘው የተለመደው ወርሃዊ ሥራ የማይዘው፣ የመጨረሻው ቀን ሲያስጨንቅዎት ደግሞ ድንገት የሚነቁት።

በሥራ ላይ ያለውን ጉዳት በተመለከተ፣ የዓለም ጤና ድርጅት በ10 አገሮች ባካሄደው የአእምሮ ጤና ጥናት ላይ ተመሥርቶ እ.ኤ.አ. በ2008 የወጣ ጽሑፍ ከሠራተኞች 3.5 በመቶ የሚሆኑት የአዋቂ ኤዲኤችዲ መስፈርትን እንደሚያሟሉ፣ በዚህም ሳቢያ እያንዳንዳቸው ከሌላው ሠራተኛ በተጨማሪ በዓመት 22 ቀን ያህል የሚሆን የሥራ ውጤት እንደሚያጡ አሳይቷል። ከ10ሩ አገሮች አንዱም አፍሪካዊ አልነበረም። ከቀሪነት ይልቅ የሚበዛው፣ ሰውየው ሥራ ቦታው ላይ ተቀምጦ ሳለ የሚባክነው መሆኑን ግን የእርስዎም ታሪክ ይመሰክራል።

የእህትዎን መድኃኒት እባክዎ አይቀበሉ። ለኤዲኤችዲ የሚታዘዙት ሜቲልፌኒዴትም ሆነ አምፌታሚን የልብ ምትንና የደም ግፊትን ከፍ ስለሚያደርጉ፣ ያለ ምርመራና ያለ መጠን ልክ አይወሰዱም፤ በአሜሪካም በጥብቅ ቁጥጥር ሥር ያሉ መድኃኒቶች ናቸውና የታዘዘላት ሰው ለሌላ ማስተላለፏ በሕግ ያስጠይቃታል። ስለ ጫት ደግሞ፣ ባልደረባዎ ሐሰት አልነገረዎትም፤ በጫት ውስጥ ያለው ካቲኖን ከአምፌታሚን ጋር የቅርብ ዝምድና ስላለው በምርቃናው ሰዓት ቀልብ የተሰበሰበ ይመስላል። ሆኖም መጠኑ አይታወቅም፣ እንቅልፍ ይነሣል፣ በማግሥቱ የሚመጣው ድብርት ደግሞ እርስዎን ከሁሉ በላይ የሚጎዳዎትን የጠዋት ሰዓት ይወስድብዎታል። በዚህ መንገድ ሳይታወቃቸው ለዓመታት ራሳቸውን ሲያክሙ የኖሩ ሰዎች ክሊኒካችን መጥተው አይቻለሁ፤ ሲመጡ ሁለት ችግር ይዘው ነበር።

መልስ 2፦ ከሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ

የተከበሩ እህቴ፣ እኔ በአንድ መሥሪያ ቤት የኮምፒውተር ድጋፍ ሠራተኛ ነኝ፤ ኤዲኤችዲ እንዳለብኝ ያወቅሁት በ41 ዓመቴ ነው። የተሳሳትኩት በአንድ ነገር ስለሆነ እርሱን ልንገርዎት። ሁለት የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ተቀብዬ ሦስተኛውና የመጨረሻው እስኪመጣ ድረስ አፌን ዘግቼ ቆየሁ። እዚህ አገር እ.ኤ.አ. በ1990 የወጣው የአካል ጉዳተኞች ሕግ 15 እና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ያለው ቀጣሪ የሥራ ሁኔታን በተገቢው መጠን እንዲያመቻች ያስገድዳል፤ በ2008 ሲሻሻልም ማሰብና ሐሳብን መሰብሰብ ከዋና ዋና የሕይወት ተግባራት መካከል መሆናቸው በግልጽ ተጽፏል። ነገር ግን ሕጉ ወደ ኋላ ተመልሶ ያለፈውን ቅጣት አይሰርዝም። እኔ ስናገር ሁለቱ ማስጠንቀቂያዎች ፋይሌ ውስጥ እንደነበሩ ቀሩ።

የጠየቅሁት ብዙ አልነበረም፦ የቃል ትእዛዝ በኢሜይል እንዲደገምልኝ፣ ከመተላለፊያው አጠገብ የነበረው ጠረጴዛዬ ወደ ማዕዘን እንዲዛወር፣ መግቢያ ሰዓቴ በግማሽ ሰዓት እንዲገፋና መውጫዬም በዚያው ልክ እንዲዘገይ። ሥራዬ አልቀነሰም፤ ሕጉም የሥራውን ዋና ተግባር ወይም የውጤት መጠን ዝቅ ማድረግን አይጠይቅም። የሕክምና መረጃዬ ከሠራተኛ ፋይሌ ተለይቶ በምሥጢር የሚያዝ በመሆኑ ባልደረቦቼ እስከ ዛሬ አያውቁም። በዚህ አገር የምትኖሩ ወገኖች፣ ምን መጠየቅ እንደምትችሉ በነጻ የሚያማክር የጆብ አኮሞዴሽን ኔትወርክ የሚባል ተቋም እንዳለ እወቁ፤ እኔ ያወቅሁት ዘግይቼ ነው።

መልስ 3፦ አንድ አንባቢ

ይቅርታ ይደረግልኝና፣ መርሳትና ዛሬ ነገ ማለት በሁላችንም ላይ ያለ ነገር ይመስለኛል። ለሁሉም ድክመት የበሽታ ስም ከተሰጠው ሠራተኛው ራሱን ለማረም የሚያደርገው ጥረት እንዳይላላ እፈራለሁ። እህታችንን ለመንቀፍ ሳይሆን ከልብ ስለማስብበት ነው የጻፍኩት።

መልስ 4፦ የሰው ኃይል አስተዳደር ኃላፊ፣ ከአዲስ አበባ

በቅድሚያ ከእኔ በፊት ለጻፉት ወንድሜ፦ እኔም ለብዙ ዓመታት እንደ እርስዎ አስብ ነበር፤ በእጄ የፈረምኩት የማስጠንቀቂያ ደብዳቤም ጥቂት አይደለም። አንድ የዕቃ ግምጃ ቤት ሠራተኛ ነበረን፤ ወጪ የሆነውን ዕቃ መመዝገብ ስለሚረሳ ሦስት ጊዜ ተቀጥቷል፤ ሦስቱም ቅጣት ምንም አልለወጠውም። በኋላ አዲስ የመጣችው የክፍሉ ኃላፊ ከመደርደሪያው ፊት ለፊት አንድ ሰሌዳ ሰቀለችና ‹‹ሰሌዳው ላይ ሳይጻፍ ዕቃ ከበር አይወጣም›› አለች። ከዚያ ወዲህ ጉድለት አልታየበትም። ሰውየው ጥረት አንሶት አያውቅም ነበር፤ ማስጠንቀቂያው ሁሉ ያተረፈለት ኀፍረትን ብቻ ነው። ይህን ሳስታውስ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። ሁላችንም እንረሳለን፤ ነገር ግን ሁላችንም በመርሳታችን 5 ጊዜ ሥራ አንለቅም።

ወደ እርስዎ ልመለስ፣ እህቴ። ከሁሉ አስቀድመው ማርፈዱን ያቁሙ። በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት፣ ያለ በቂ ምክንያት በ6 ወር ውስጥ 8 ጊዜ ያረፈደና ስለዚሁ በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ የተሰጠው ሠራተኛ ያለ ማስጠንቀቂያ ጊዜ ሊሰናበት ይችላል። የሒሳብ ስሕተት ያከራክራል፤ የሰዓት ፊርማ ግን አያከራክርም። ሌሊት መሥራቱ የማርፈድዎ ምክንያት ከሆነ መጀመሪያ የሚፈታው እርሱ ነው።

ለአለቃዎ ስለመናገር ከሲልቨር ስፕሪንጉ ወንድማችን በጥቂቱ እለያለሁ። እኛም ዘንድ የአካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት መብት አዋጅ ቁጥር 568/2000 አለ፤ ትርጉሙ የአእምሮ ጉዳትንም የሚያካትት ሲሆን፣ አሠሪው ምቹ የሥራ ሁኔታ የማዘጋጀት ኃላፊነት እንዳለበትም ይደነግጋል። ነገር ግን በብዙ መሥሪያ ቤቶቻችን ‹‹የአእምሮ›› የሚለው ቃል ሲነሣ የሰው ፊት ይለወጣል፤ የገንዘብ ኃላፊነት ባለበት ሥራ ላይ ደግሞ ይብሳል። ስለዚህ ምርመራዎ ተጠናቆ ማስረጃ በእጅዎ እስኪገባ ድረስ ከበሽታው ስም ሳይሆን ከሥራው ይጀምሩ። ‹‹ትእዛዝ በጽሑፍ ቢደርሰኝ አይዘነጋኝም››፣ ‹‹የወር መዝጊያውን በሦስት ከፍዬ በየክፍሉ ባስረክብ ስሕተት ቶሎ ይታያል››፣ ‹‹ከ3 እስከ 5 ሰዓት ባለጉዳይ ባይመጣብኝ›› ብሎ የሚጠይቅ ሠራተኛ በማንም ኃላፊ ዘንድ እንደ ትጉህ ይቆጠራል፤ ይህን ለመጠየቅ ደግሞ የሐኪም ወረቀት አያስፈልግም። ማስረጃው ከመጣ በኋላ መንገር ካስፈለገ ለአንድ ሰው ብቻ፣ በጽሑፍ፣ የሚፈልጉትን ነገር ለይተው ይንገሩ።

ሥራ ለመቀየርም አሁን አይቸኩሉ። አዲስ መሥሪያ ቤት ሲገቡ እስከ 60 የሥራ ቀን የሚደርስ የሙከራ ጊዜ ይጠብቅዎታል፤ በዚያ ጊዜ ውስጥ ተስማሚ አልሆነም የተባለ ሠራተኛ ያለ ማስጠንቀቂያ ይሰናበታል። አዲስ ነገር ደግሞ ቀልብ ስለሚይዝ የመጀመሪያዎቹ ሳምንታት መልካም ሆነው፣ ሥራው የተለመደ ሲሆን ያው ችግር ይመለሳል። ከስድስቱ መሥሪያ ቤቶች ውስጥ በስንቱ እንደዚህ እንደሆነ እርስዎ ያውቁታል።

መልስ 5፦ ጠያቂዋ

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ፤ ሦስተኛውን መልስ የጻፉትን ወንድሜንም ጭምር፤ ምክንያቱም ባለቤቴም ይህንኑ ሲል ስለነበር አራተኛውን መልስ አስነብቤዋለሁ። በስድስቱም መሥሪያ ቤቶች የመጀመሪያዎቹ ሁለት ወራት መልካም ነበሩ። ይህን እስከ ዛሬ አስቤው አላውቅም ነበር።

ለአለቃዬ ስለ ኤዲኤችዲ አልተናገርኩም። ሦስት የባንክ ሒሳብ ስላለን በአንድ ቀን አንድ ባንክ ብቻ አስታርቄ እንዳስረክብ ጠየቅሁት፤ ደስ ብሎት ፈቀደ። ገንዘብ ያዥዋም በእነዚያ ሦስት ቀናት ጠዋት የራሷን ሥራ ይዛ ከጠረጴዛዬ ማዶ ትቀመጣለች። አታናግረኝም፤ አጠገቤ መሆኗ ብቻ ከወንበሬ እንዳልነሣ ያደርገኛል። መሳቢያዬን ቆልፌ ቁልፉን የምሰጣትም ለእርሷ ነው። የዚህ ወር የመጀመሪያው ባንክ 6 ሰዓት ሳይሞላ አልቋል፤ ሁለተኛው አምልጦኝ ለማግሥቱ አድሯል። እህቴንም መድኃኒቱን እንዳትልክ ነግሬያታለሁ።

ከሥነ አእምሮ ሐኪም ጋር ለሚቀጥለው ሳምንት ቀጠሮ ይዣለሁ። እናቴ ከደብረ ብርሃን የ4ኛ ክፍል የውጤት ካርዴን ልካልኛለች፤ ከ58 ተማሪዎች 3ኛ ወጥቻለሁ፤ ከሥሩ አስተማሪዬ ‹‹ጎበዝ ናት፤ ቀልቧን ግን አትሰበስብም›› ብለው በቀይ እስክሪብቶ ጽፈዋል። ይህ ለሐኪሙ ይጠቅመዋል? ባለቤቴንስ ይዤ ልሂድ?

መልስ 6፦ የአእምሮ ጤና ባለሙያ

ካርዱ እጅግ ይጠቅማል፤ ከ12 ዓመት በፊት መታየቱን የሚያስረዳ ጽሑፍ ብዙ አዋቂዎች አያገኙም። ባለቤትዎ የዛሬውን ያውቃል፣ እናትዎ የልጅነትዎን፤ እናትዎ መምጣት ካልቻሉ ሐኪሙ በስልክ ያነጋግራቸው ዘንድ ይጠይቁት። የደም ግፊትዎንም በዚያው ቀን ያስለኩ።