መጻሕፍታችሁን የት ትመዘግባላችሁ? ላይብረሪቲንግ፣ ጉድሪድስና ስቶሪግራፍን ለሚያማርጡ

ሦስቱም መጻሕፍት የሚመዘገቡባቸው ድረ ገጾችና አፖች ናቸው። «መጻሕፍቴን የት ልመዝግብ?» ለሚለኝ ሰው መልሼ አንድ ነገር እጠይቀዋለሁ። መመዝገብ የፈለግከው ያሉህን ነው ወይስ ያነበብካቸውን? አንድ ይመስላሉ፤ አይደሉም። እኔ መደርደሪያ ላይ ገና ያልተገለጡ መጻሕፍት ሞልተዋል። አንብቤ ከጨረስኳቸው ደግሞ ብዙዎቹ ተውሼ የመለስኳቸው ናቸው።

ያላችሁን ለመመዝገብ ከሆነ ሳላመነታ ላይብረሪቲንግ እላለሁ። ቲም ስፓልዲንግ የሚባል ሰው በ2005 የጀመረው ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። ድሮ በነፃ ከ200 መጽሐፍ በላይ ማስገባት አይቻልም ነበር። ከ2020 ወዲህ ግን ገደቡም ክፍያውም ተነስቷል። አፑን ስልካችሁ ላይ ትጭናላችሁ፣ ባርኮዱን ስካን ታደርጋላችሁ፣ ርዕሱና ደራሲው ራሱ ይሞላል። መረጃውን ከአማዞን ብቻ ሳይሆን ከቤተ መጻሕፍት ካታሎጎችም ያመጣል፤ የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት አንዱ ነው። እኔ ሁሌም የቤተ መጻሕፍቱን እመርጣለሁ። ባለሙያ የመዘገበው ስለሆነ የኅትመቱ ዓመትና የተርጓሚው ስም ብዙም አይዛነፍም።

አሮጌ መጽሐፍ ላይ አይኤስቢኤን (የመጽሐፉ ዓለም አቀፍ መለያ ቁጥር) ከሌለ በርዕስ ፈልጉ። የአማርኛ ከሆነ ደግሞ በላቲን ፊደልም ሞክሩ፤ የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት የአማርኛ ርዕሶችን የሚመዘግበው በላቲን ፊደል ነው። ካጣችሁት በእጅ ሙሉት። በፊደላችን ብትጽፉት ይቀበላል። አንድ ጊዜ በትክክል ከገባ ከእናንተ በኋላ የሚመጣው ሰው አይቸገርም።

ላይብረሪቲንግን የምወደው ግን ለአባላቱ በሚሰጠው ሥራ ነው። አዎ፣ ሥራ። የአንድ መጽሐፍ የተለያዩ ኅትመቶችና ትርጉሞች በአንድ ገጽ ሥር እንዲሰበሰቡ የሚያደርጉት አባላቱ ናቸው። የገጸ ባሕርያቱን ስም፣ ታሪኩ የተፈጸመበትን ቦታ፣ የተከታታይ መጻሕፍቱን ቅደም ተከተልም እነሱ ይሞላሉ። ከሁሉ የሚገርመኝ ሌጋሲ ላይብረሪስ የሚሉት ነው። አባላት ተሰብስበው በሞት የተለዩ ታዋቂ ሰዎችን የግል ቤተ መጻሕፍት ይመዘግባሉ። የቶማስ ጄፈርሰን አለ፣ የማሪ አንቷኔት አለ። ከዚያ የእናንተን ስብስብ ከእነሱ ጋር ታስተያያላችሁ። ከሁለት መቶ ዓመት በፊት የኖረ ሰው መደርደሪያ ላይ እኔም ያለኝ መጽሐፍ ተቀምጦ ሳገኝ የተሰማኝን ደስታ ለመናገር ይቸግረኛል።

ኧርሊ ሪቪወርስም አለላችሁ። አሳታሚዎች በየወሩ መጻሕፍት ያቀርባሉ፣ የፈለጋችሁትን ትጠይቃላችሁ፣ ከደረሳችሁ አንብባችሁ ግምገማ ትጽፋላችሁ። ማሞገስ ግዴታ አይደለም። መጻሕፍቱ ሲደለደሉ ካታሎጋችሁም ይታያል፤ ስለዚህ ባዶ አካውንት ይዛችሁ አትጠብቁ፣ መጀመሪያ መጻሕፍታችሁን አስገቡ። የታተመው ቅጂ የሚላክባቸው አገሮች አብረው ተጽፈዋል፣ ሳትጠይቁ በፊት እዩት። የዓመቱ መጨረሻ ላይ ደግሞ ሳንታቲንግ ይመጣል። ገንዘብ ታዋጣላችሁ፣ የማታውቁት አባል መደርደሪያችሁን አገላብጦ የሚስማማችሁን ይመርጥላችኋል፣ እናንተም ለሌላ ሰው ትመርጣላችሁ። ለማያውቁት ሰው መጽሐፍ መምረጥ ከባድ ነው። ሰውየው ለመጻሕፍቱ የሰጠውን ኮከብ፣ የለጠፈውን ታግ (መለያ ቃል)፣ የተወውን ማስታወሻ ሁሉ ታነባላችሁ።

ያነበባችሁትን ለመከታተል ከሆነ ሐሳቤ ይለወጣል። ብዙ ሰው ያለው ጉድሪድስ ላይ ነው። በ2007 ተከፈተ፣ በ2013 አማዞን ገዛው። ስለ አንድ አዲስ መጽሐፍ ሰው ምን እንዳለ ቶሎ ለማየት የሚያህለው የለም። በዓመት ይህን ያህል አነባለሁ ብላችሁ ግብ የምታስቀምጡበትም ብዙ ሰው ያነቃቃል። ኮከቡ ግን ግማሽ የለውም። ሦስት ሲያንሰው አራት ሲበዛበት ምን ታደርጋላችሁ? ይኼ ትንሽ ነገር ይመስላል፤ ለእኔ ግን ትልቅ ነው።

ስቶሪግራፍ እዚህ ላይ ይበልጠዋል። ናድያ ኦዱናዮ የሠራችው ነው፤ ሩብ ኮከብ እንኳን መስጠት ይቻላል። ስለ መጽሐፉ ስሜትና ፍጥነት ይጠይቃችኋል፤ ጨለምተኛ ነው? ዝግ ያለ ነው? ከዚያ የንባባችሁን መልክ በግራፍ ያሳያችኋል። ከጓደኛ ጋር አብሮ ማንበቢያውን ሳትሞክሩ እንዳትቀሩ። ጓደኛችሁ ከእናንተ ቀድሞ ገጽ 200 ላይ የጻፈውን አስተያየት እናንተ እዚያ ካልደረሳችሁ አይከፍትላችሁም። ታሪኩ ሳይበላሽባችሁ ታወራላችሁ። በርቀት ያሉ ወዳጆች አንድ መጽሐፍ ለማንበብ ከዚህ የተሻለ መንገድ አላገኘሁም።

ለንባብ ክበብ ወይም ለትንሽ ቤተ መጻሕፍት የሚሆን ከፈለጋችሁ ታይኒካት አለ። ያው የላይብረሪቲንግ ቤተሰብ ነው፤ ማን ምን እንደተዋሰ፣ መቼ እንደሚመልስ ይይዛል። ኦፕን ላይብረሪ የሚባለውን የመጻሕፍት ድረ ገጽ ደግሞ ማንም ገብቶ ሊያርመው ስለሚችል የጠፋ መጽሐፍ ለማፈላለግ እጠቀምበታለሁ፤ ለግል መደርደሪያ አይመቸኝም።

አንድ ነገር ልለምናችሁ። ከዓመታት በፊት ስሙን የማልጠራው አንድ ትንሽ አፕ ላይ ማስታወሻዬን ሁሉ አስቀምጬ ነበር። አገልግሎቱ ሲዘጋ ማስታወሻዬም አብሮት ሄደ። አሁን በየሦስት ወሩ ካታሎጌን በፋይል አወርዳለሁ። ከላይብረሪቲንግ፣ ከጉድሪድስና ከስቶሪግራፍ፣ ከሦስቱም ማውረድ ይቻላል። የጉድሪድስ ፋይል ስቶሪግራፍም ላይብረሪቲንግም ላይ ይገባል፤ ስለዚህ ልትቀይሩ ብታስቡ ከዜሮ አትጀምሩም። ስታስገቡ ግን «ልገዛቸው የምፈልጋቸው» የሚለውን ዝርዝር ካሏችሁ መጻሕፍት ለይታችሁ አስገቡ። እኔ ሁለቱን ቀላቅዬ አንድ ሙሉ ቅዳሜ ስለያይ ዋልኩ።