ከአንዲት ስህተት በኋላ 12 ዓመት የተጫወተው በረኛ፦ ስለ ሳንደር ዌስተርቬልድ

የማርቆሱ ታላቅ ወንድም፦

ጤና ይስጥልኝ። የምጽፈው ከደብረ ማርቆስ ነው። ታናሽ ወንድሜ 22 ዓመቱ ሲሆን በታችኛው ሊግ በሚወዳደር አንድ ክለብ ውስጥ በረኛ ነው። ባለፈው የውድድር ዘመን ጨዋታው ሊያልቅ ጥቂት ደቂቃ ሲቀረው፣ ሕፃን እንኳ ይይዛታል የምትባል ኳስ ከእጁ ሾልካ ገባችበት፤ ክለቡም ብዙ ሳይቆይ ሌላ በረኛ አመጣና እሱን ተጠባባቂ ወንበር ላይ አስቀመጠው። ከዚያ ወዲህ ልጁ የሰላም እንቅልፍ የለውም። አባታችን ደግሞ የእርሻው ሥራ በደረሰ ቁጥር «ይህ የኳስ ነገር ካልሆነ ሞፈሩ እዚሁ አለልህ» ይሉታል፤ ክፉ አስበው ሳይሆን የሚያውቁት መውጫ እሱ ስለሆነ ነው።

እኔ ልጅ ሳለሁ የሊቨርፑል በረኛ የነበረ ሳንደር ዌስተርቬልድ የሚባል ሆላንዳዊ ነበር። እሱም እንዲሁ በአንዲት ኳስ ምክንያት ቦታውን እንዳጣ፣ ስሙም ከዚያ በኋላ ከጆሮዬ እንደ ጠፋ አስታውሳለሁ። ከዚያ ወዲህ የት የት ተጫወተ? ኑሮውስ ምን ሆነ? ለወንድሜ ልነግረው የምፈልገው የማጽናኛ ተረት ሳይሆን የሆነውን ነገር ነው፤ ታሪኩ የሚያሳዝን ከሆነም እንዳለ ንገሩኝ።

ዓባይ ማዶ፦

ወንድሜ፣ የድሮ ነገር ቀሰቀስህብኝ። እኔ ባሕር ዳር ሆኜ ያን ቡድን የተከታተልኩት በሬዲዮና ዘግይቶ በሚደርሰን ጋዜጣ ነበር፤ እናም የዌስተርቬልድን ነገር ዛሬም ድረስ እንደ ትናንት አስታውሰዋለሁ።

ሰውዬው እ.ኤ.አ. በ1974 ለጀርመን ድንበር በምትቀርበው በኤንስኬዴ ከተማ ተወለደ። በዚያው ከተማ ክለብ በትዌንቴ ጀምሮ ወደ ቪቴስ ተሻገረና በ1999 ሊቨርፑል በ4 ሚሊዮን ፓውንድ ገዛው። በመጀመሪያዎቹ ወራት ያጋጠመውን ሳስብ እስካሁን ፈገግ እላለሁ፤ በእኛ የደመራ ዕለት ማታ፣ መስከረም 16 ቀን 1992 ዓ.ም.፣ ከጎረቤቱ ከኤቨርተን ጋር ሲጫወቱ ከአጥቂው ከፍራንሲስ ጄፈርስ ጋር ተቧቅሶ ሁለቱም በቀይ ካርድ ወጡ፤ ቅያሪው አልቆ ስለነበር ተከላካዩ ስቲቭ ስታውንተን ጓንት አጥልቆ ጎል ውስጥ ቆመ። ይህችን የኤቨርተንን ነገር ያዛት፣ እመለስባታለሁ።

እ.ኤ.አ. በ2001 ሊቨርፑል የሊግ ካፑን፣ የኤፍ ኤ ካፑንና የዩኤፋን ዋንጫ በአንድ የውድድር ዘመን ሲወስድ በረኛው እሱ ነበር። የሊግ ካፑ ፍጻሜ ከበርሚንግሃም ጋር በመለያ ምት ሲጠናቀቅ የአንድሪው ጆንሰንን ምት አድኖ ዋንጫውን ያረጋገጠው እሱ ነው። የሚቀጥለውን በእኛ ቀን ልቁጠርልህ። ፍልሰታ በተፈታ በሁለተኛው ቀን፣ ነሐሴ 18 ቀን 1993 ዓ.ም.፣ ቡድኑ ሞናኮ ላይ ባየርን ሙኒክን 3 ለ 2 አሸንፎ የአውሮፓን ሱፐር ካፕ አነሣ፤ በዚያ የፈረንጆች ዓመት አምስተኛ ዋንጫው ነበር። ነሐሴ 21 በቦልተን ሜዳ ጨዋታው ሊያልቅ ሲል ዲን ሆልድስወርዝ የመታት ኳስ ከዌስተርቬልድ እጅ አምልጣ ገባችና ሊቨርፑል 2 ለ 1 ተሸነፈ። ነሐሴ 25 አሠልጣኙ ጄራርድ ሁሊዬ ጀርዚ ዱዴክን ከፌይኖርድ፣ ክሪስ ኪርክላንድን ከኮቨንትሪ፣ ሁለቱን በረኞች በአንድ ቀን አስፈረሙ። አንድ ቢሆን ኖሮ ለቦታው እታገላለሁ ይል ነበር፤ ሁለት ሲሆን ግን ነገሩ ውጣ ማለት ነው። ከዋንጫ እስከ ውጣ አንድ ሳምንት መሆኑን አስተውል።

በዚያው የፈረንጆች ዓመት ታኅሣሥ ላይ ወደ ስፔኑ ሪያል ሶሲዳድ ሄደ፤ ብዙ ሰው ታሪኩ እዚህ ያበቃ የሚመስለውም ለዚህ ነው፤ እኛ አገር ያን ጊዜ ከእንግሊዝ ሊግ ውጭ የሚከታተል ጥቂት ነበርና። ነገር ግን ከሁሉ የሚበልጠው ዓመቱ ከዚያ በኋላ ነው የመጣው። በ2002–03 በፈረንሳዊው አሠልጣኝ በሬይናልድ ዴኑዌ ሥር፣ ገና ወጣት ከነበረው ከዣቢ አሎንሶ፣ ከአጥቂዎቹ ከኒሃትና ከኮቫቼቪች ጋር ሆኖ ዚዳንና ብራዚላዊው ሮናልዶ የነበሩበትን ሪያል ማድሪድን እስከ መጨረሻው ቀን አስጨነቀ። ማድሪድ 78፣ ሶሲዳድ 76 ነጥብ። በተከታዩ ዓመት በሻምፒዮንስ ሊግ ከምድባቸው አልፈው በሊዮን ተሸነፉ።

ከዚያ ወዲያ ያለው የስደተኛ ኑሮ ነው፤ ማዮርካ በውሰት፣ ፖርትስማውዝ፣ ቀጥሎ በ2006 በውሰት ኤቨርተን። አዎ፣ ያ የተቧቀሰበት ኤቨርተን በረኞቹ ተጎድተውበት ሲቸገር የጠራው እሱን ነው። ወዲያው በስፔን ሁለተኛ ዲቪዚዮን በኡናይ ኤምሪ ይሠለጥን ከነበረው ከአልሜሪያ ጋር ወደ ላሊጋ አደገ፤ ወደ አገሩ ተመልሶ ለስፓርታ ሮተርዳም ተጫወተ፤ በጣሊያን ሦስተኛ ዲቪዚዮን ለሞንዛ ተሰለፈ፤ በመጨረሻም በ2011 ደቡብ አፍሪካ ወርዶ አያክስ ኬፕታውን ገባ። ጫማውን የሰቀለው በ2013 በ38 ዓመቱ ነው። በኋላም በረኞችን አሠልጥኗል፤ ከሊቨርፑል የቀድሞ ተጫዋቾች ጋርም አንፊልድ ላይ ጓንት አጥልቆ ታይቷል፤ ሕዝቡም አጨብጭቦለታል።

የቡሬው አሠልጣኝ፦

ጋሼ ዓባይ ማዶ ታሪኩን አሳምረው ተርከውታል፤ ትንሽ ግን አጣፍጠውታል ብዬ እሰጋለሁ። በፖርትስማውዝም ሆነ በኤቨርተን ሰውዬው የተሰለፈባቸው ጨዋታዎች በጣት የሚቆጠሩ ናቸው፤ ሞንዛም በዚያን ጊዜ ኋላ ወደ ጣሊያን አንደኛ ዲቪዚዮን ያደገው ሞንዛ አልነበረም። አምስት ዋንጫ ባነሣ በስምንት ዓመቱ በሦስተኛ ዲቪዚዮን ሜዳ መቆም ለሰው ቀላል አይደለም፤ ልጁ ይህንንም ይስማ።

እኔ ታዳጊዎችን፣ በተለይም በረኞችን፣ ለብዙ ዓመት በማሠልጠን ላይ ያለሁ ሰው ነኝ። ይህን ታሪክ ለመረዳት ስለ ሙያው አንድ ነገር ማወቅ ያስፈልጋል። አጥቂ ቦታውን ቢያጣ በ70ኛው ደቂቃ ተቀይሮ ይገባል፣ በክንፍ ይሞከራል፣ ሳምንቱን ሙሉ ዕድል ያገኛል። የበረኛ ቦታ ግን አንድ ብቻ ነው፤ ፊቱ ያለው ሰው ካልተጎዳ ወይም በቀይ ካርድ ካልወጣ ሁለተኛው በረኛ ዓመቱን ወንበር ላይ ይጨርሳል። ስለዚህ ቦታውን ያጣ በረኛ ብዙ ክለብ መዞሩ የውድቀት ምልክት አይደለም፤ መጫወት የሚፈልግ በረኛ ያለው መንገድ ይኸው ነው። ዌስተርቬልድ በብሔራዊ ቡድንም የገጠመው ይኸው ነበር፤ በ2000 የአውሮፓ ዋንጫ ሆላንድ ፈረንሳይን 3 ለ 2 ስታሸንፍ ጎሉን የጠበቀው እሱ ሲሆን፣ ፊቱ ኤድዊን ቫን ደር ሳር ስለቆመበት በዕድሜው ሙሉ ለአገሩ የተሰለፈው 6 ጊዜ ብቻ ነው።

ስለተኩት ሰዎችም መነገር አለበት። ዱዴክ በ2005 ኢስታንቡል ላይ ሚላንን ያሸነፈው፣ በመለያ ምቱ ጎል መስመር ላይ ይወዛወዝ የነበረው በረኛ ነው። ከዚያች ሌሊት ጥቂት ሳምንታት በኋላ ክለቡ ፔፔ ሬይናን አመጣና ዱዴክን ወንበር ላይ አስቀመጠው፤ እሱ እኮ ያጠፋው ነገር አልነበረም። ኪርክላንድ ደግሞ በጉዳት ሲሰቃይ ኖሮ፣ በድብርትና በሕመም ማስታገሻ ክኒን ሱስ ተይዞ እንደነበር ጫማውን ከሰቀለ በኋላ ራሱ በአደባባይ ተናግሯል። ከሦስቱ ረጅሙን መንገድ የዞረው የተባረረው ሰው ነው፤ ከሁሉ የተጎዳው ግን እሱ ነው ለማለት አልደፍርም።

ለወንድምህ የምለው፣ ወንበር ላይ ሁለተኛ ዓመት እንዳይቀመጥ ነው። አንድ ዓመት ይታገሥ፤ ካልሆነ ዝቅ ያለ ሊግም ቢሆን የሚያጫውተው ክለብ ይፈልግ። የበረኛ ዓይን በልምምድ ብቻ አይጠበቅም። ለወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል እንደሚባለው፣ ዛሬ የሚተቹት ሁሉ ያቺን አንዲት ኳስ ብቻ ነው የሚያነሡት፤ ተሳስቶ ከሆነ የተሳሳተው እግሩ ላይ ነው ወይስ እጁ ላይ የሚለውን ግን የጠየቀው ሰው ያለ አይመስለኝም። ብዙ ጊዜ ኳስ የምታመልጠው እጅ ስለላላ ሳይሆን እግር ዘግይቶ ሰውነት ከኳሷ ጀርባ ስላልደረሰ ነው።

ጮቄ፦

እኔ ኳስ አዋቂ አይደለሁም፤ የሒሳብ ባለሙያ ነኝ፤ ባለቤቴ ግን ቀድሞ ተጫዋች ስለነበር ጫማ ከተሰቀለ በኋላ ያለውን ኑሮ ከቤቴ አውቀዋለሁ። ሁለታችሁም ስለ ሜዳው ጻፋችሁ፤ ጠያቂው «ኑሮውስ?» ያለው ግን ሳይመለስ ቀርቷል።

ሆላንዳዊ ተጫዋች ከእኛ ልጅ የሚለየው በጀግንነት ወይም በችሎታ ብቻ አይደለም። አገሩ ውስጥ እ.ኤ.አ. ከ1961 ጀምሮ የተጫዋቾች ማኅበር አለ። ከ1970ዎቹ መጀመሪያ ጀምሮ ደግሞ ፕሮፌሽናል ተጫዋቾች ከገቢያቸው ከፊሉን በግዴታ የሚያስቀምጡበት ፈንድ አለ፤ ተጫዋቹ ጫማውን ሲሰቅል ያ ገንዘብ በየወሩ እየተከፈለው ሌላ ሙያ እስኪይዝ ይሻገርበታል። ዌስተርቬልድ ብዙውን ዘመኑን በውጭ ስላሳለፈ ይህ የሚመለከተው በአገሩ የተጫወተባቸውን ዓመታት ነው፤ ሐሳቡን ግን ልብ በሉልኝ። ገንዘቡ የሚሰጠው ለሽምግልና ሳይሆን ተጫዋቹ ሥራ ለሚያጣበት ለ35 ዓመት ዕድሜው ነው።

የእኛ የጡረታ ሕግ ከሠራተኛው 7 ከመቶ፣ ከአሠሪው 11 ከመቶ ያስቆርጣል። ጥሩ ነው፤ ነገር ግን ጡረታው የሚከፈለው በ60 ዓመት ሲሆን ቢያንስ የ10 ዓመት አገልግሎትም ይጠይቃል። በ33 ዓመቱ ጉልበቱ የተጎዳ ተጫዋች እስከ 60 ምን ይብላ? ስለዚህ ወንድምህ ውሉን አውጥቶ ጡረታ ይቆረጥለት እንደሆነ ያንብብ፤ ከዚያም ሌላ ከፊርማ ገንዘቡ ጥቂቱን እሱ ራሱ ፈልጎ ሊያወጣው በማይችልበት የባንክ ሒሳብ ያስቀምጥ። እኛ ይህን ሳናደርግ ቀርተን የባለቤቴ የፊርማ ገንዘብ በሁለት ሠርግና በአንድ ባጃጅ አልቋል፤ ባጃጁም ተሸጧል።

አንድ ነገር ልጨምር። ዌስተርቬልድ ውሉ ሲያልቅ ከክለብ ወደ ክለብ በነፃነት ሊሄድ የቻለው በ1995 መጨረሻ የአውሮፓ ፍርድ ቤት በቤልጂየማዊው ተጫዋች በዣን ማርክ ቦስማን ጉዳይ ከፈረደ ወዲህ በመጣው ሥርዓት ነው። ቦስማን ያንን በር ለሌሎች ከፍቶ እሱ ራሱ ግን ኋላ በገንዘብ እጦትና በመጠጥ ተቸግሮ ኖሯል። ስለ ተጫዋች ኑሮ ሲወራ ሁልጊዜ ወደ አእምሮዬ የሚመጣው እሱ ነው።

የማርቆሱ ታላቅ ወንድም፦

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ፤ ጋሼ ዓባይ ማዶ፣ እርስዎንም እንዲሁ። ትናንት እሑድ ከቡና በኋላ የጻፋችሁትን አንድም ሳላስቀር አነበብኩለት። አባታችንም ተቀምጠው ሰምተዋል፤ ስለ ኳሱ ምንም አላሉም፤ በ60 ዓመት ስለሚከፈለው ጡረታ ግን ሁለት ጊዜ ደጋግመው ጠየቁ። ውሉን ከሣጥን አውጥተን ስናነብ ስለ ጡረታ የሚናገር አንድም መስመር አላገኘንበትም፤ እህቴ ጮቄ እንዳለችው በዚህ ሳምንት ሄደን እንጠይቃለን።

ወንድሜ ብዙ አልተናገረም። የጠየቀው አንድ ነገር ነው፤ «ሰውዬው ሞንዛ ሲገባ ስንት ዓመቱ ነበር?»

ዓባይ ማዶ፦

ወደ 35 ገደማ ነበር። ከዚያ በኋላ ኬፕታውንን ጨምርበት።

የቡሬው አሠልጣኝ፦

እኔ ቅዳሜ ጠዋት ከበረኞቼ ጋር ሜዳ ላይ ነኝ። ያቺን ኳስ በስልክ የቀረጸ ሰው ካለ ይዞልኝ ይምጣ፤ እግሩን ማየት እፈልጋለሁ። ጓንቱንም እንዳይረሳ።