የጋራ ሐሳባችን ረቂቅ፦ ከክብር በፊት ሥራችንን እንጻፍ

ሰላም ለሁላችሁ። እኛ ኦፕቶሜትሪስቶች (ዓይን መርምረን መነጽር የምናዝዝ ባለሙያዎች) ስለ ሥራችንና ስለምንጠይቀው ፈቃድ በጋራ የምናቀርበውን ረቂቅ ትናንት ማታ ደግሜ አነበብኩት። ስለ ሙያችን ክብር ሁለት አንቀጽ ጽፈናል፣ ስለምንሠራው ግን አንድ መስመር ብቻ። ይገልበጥ እላለሁ። ብዙ ሰው ኦፕቶሜትሪስትን ከመነጽር ሻጭ አይለየውም፣ ወይም የዓይን ሐኪም ይመስለዋል። መሃል ላይ ያለውን ሰፊ ሥራ እኛ ካላሳየነው ማን ያሳየዋል?

የልጆችን ምርመራ እናስቀድም። ልጅ የመነጽር ቁጥር የሚለካው ማሽን ውስጥ ሲያይ ዓይኑ ቅርብ ነገር እንደሚያይ ያተኩራል፣ ማሽኑም የሌለበትን ማይነስ (ሩቅ ማየት ለሚቸግረው የሚሰጥ ቁጥር) ሊያወጣ ይችላል። ያ ልጅ የሚያስፈልገው ተቃራኒው፣ ፕላስ፣ ሊሆን ይችላል፤ ሳይታረም ከቆየ ዓይኑ ወደ ውስጥ ሊዞር፣ አንደኛው ዓይንም ሊሰንፍ ይችላል። የሚያተኩረውን ጡንቻ ለጊዜው የሚያሳርፍ ጠብታ ጨምረን በሬቲኖስኮፕ (ብርሃን ወደ ዓይን አብርተን ነጸብራቁን በምናይበት መሣሪያ) ስናየው ነው ትክክለኛው ቁጥር የሚወጣው። ስለዚህ የመጀመሪያው ጥያቄያችን የመመርመሪያ ጠብታ ፈቃድ ይሁን። የሕክምና መድኃኒት የማዘዙ ጉዳይ ይቆይ።

መልስ (ከሥልጠና ክፍል)፦
እስማማለሁ፣ ግን ጠብታው ብቻውን አይሄድም። ጠብታው ብሌንንም ያሰፋል፤ የፊት ክፍሉ ጠባብ የሆነ ዓይን ብሌኑ ሲሰፋ የውስጥ ግፊቱ ድንገት ሊያሻቅብ ይችላል። ተማሪው ጠብታ ከመጨመሩ በፊት ይህን በስሊት ላምፕ (የዓይንን የፊት ክፍል አጉልቶ በሚያሳይ ማይክሮስኮፕ) ማየትን፣ ችግር ሲመጣም ወዲያው ወደ ዓይን ሐኪም መላክን በተግባር ተለማምዶ ካልወጣ ፈቃዱን ብንጠይቅም ፈቃድ ሰጪዎቹ አያምኑንም፣ ልክም ናቸው። ዲግሪው ስንት ዓመት ይፈጃል ከማለት ይልቅ ስንት ታካሚ በአስተማሪ ፊት መረመረ የሚለውን እንጻፍ።

መልስ (ከክሊኒክ)፦
ግላኮማን (የዓይን ነርቭን ቀስ በቀስ የሚጎዳውን በሽታ) አትርሱብኝ። አብዛኛው ሕመም የለውም፣ ሰው ለእሱ ብሎ አይመጣም። ከ40 ዓመት በኋላ ግን ጽሑፍ ሲደበዝዝበት መነጽር ፍለጋ ይመጣል። ያኔ ነው የዓይን ነርቩን ማየት ያለብን! የዓለም ጤና ድርጅትም በ2019 እ.ኤ.አ. ባወጣው ሪፖርት ቢያንስ 2.2 ቢሊዮን ሰው የእይታ ችግር እንዳለበት፣ የቢያንስ 1 ቢሊዮኑን ደግሞ መከላከል ይቻል እንደነበር ወይም ገና መፍትሔ እንዳላገኘ ጽፏል። መግቢያው ላይ ይግባ።

መልስ (ከረቂቅ አዘጋጅ)፦
ሁለቱንም አስገብቻለሁ፣ አመሰግናለሁ። ሐኪሞችን እንተካለን የምትመስለዋን ዓረፍተ ነገርም አውጥቻታለሁ። የቀረው በዚያው ቀን የሚላኩ ታካሚዎች ዝርዝር ነው። ድንገተኛ የብርሃን ብልጭታንና እንደ መጋረጃ የሚወርድ ጥላን ጽፌያለሁ፤ ክሊኒክ ያላችሁ የጎደለውን እስከ ሐሙስ ጨምሩልኝ።